አርባን አልፎ የጀመረው ዳይሬክተር

ዛሬ ሥራ ስላልነበረኝ የኮሪያዊውን ዳይሬክተር የሊ ቻንግ ዶንግን «ፖኤትሪ» የተባለ ፊልም ቁጭ ብዬ አየሁ፣ ከዛማ ቀኑን ሙሉ ስለ ሰውዬው ሳነብ ዋልኩ። መጀመሪያ የሁለተኛ ደረጃ አስተማሪ ነበር። ቀጥሎ ልብወለድ ጸሐፊ። ሲኒማ ውስጥ የገባው በስክሪፕት ጸሐፊነትና በረዳት ዳይሬክተርነት ሲሆን የራሱን የመጀመሪያ ፊልም ያወጣው እ.ኤ.አ. በ1997 ነው፣ ያኔ አርባን አልፏል! (እኔ በሰላሳዎቹ ሆኜ «አለፈኝ» እላለሁ።)

የሚገርመው በ2003 የባህልና ቱሪዝም ሚኒስትር ተደርጎ ተሾመ። ብዙም ሳይቆይ በቀጣዩ ዓመት ለቀቀና ወደ ካሜራው ተመለሰ። ወንበር ቀምሶ ወደ ሙያው የሚመለስ ሰው ደስ ይለኛል በቃ።

«ፖኤትሪ» በ2010 ካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ በምርጥ ስክሪፕት ተሸልሟል። ሲያንሰው ነው። የመርሳት በሽታ እየጀመራት ግጥም መጻፍ የምትማር አያት አለች፣ አብሯት የሚኖረው የልጅ ልጇ ደግሞ ከባድ ወንጀል ውስጥ እጁ አለበት፣ እሷም ይህን ይዛ አበባና ዛፍ እያየች ግጥም ትፈልጋለች። ማንም አይጮህም፣ ልቅሶው እንኳን ቁጥብ ነው፣ ግን አንጀት ይበላል። ከዛ በኋላ «በርኒንግ»ን እስኪያወጣ ስምንት ዓመት ቆይቷል። እሱን ነገ ማታ ነው የማየው፣ ያያችሁት መጨረሻውን እንዳትነግሩኝ አደራ!