እዚህም ቤት ጫማ ይወለቃል

አዳማ ውስጥ ሰባት ዓመት ሶሻል ወርከር ሆኜ ሠርቻለሁ። ከተማችን የጅቡቲ መንገድ ላይ ናት። ከአርሲም፣ ከባሌም፣ ከሐረርጌም እንጀራ ፍለጋ የወጣ ሰው ብዙ ጊዜ እዚህ ይወርዳል፤ ያሰበው ካልሞላለት እዚሁ ጎዳና ላይ ይቀራል። የኔ ሥራ እነሱን መመዝገብ ነበር። ስም፣ ዕድሜ፣ የልጅ ብዛት፣ ለምን ጎዳና ወጡ። ለመጨረሻው ጥያቄ ፎርሙ ላይ የተተወው አንድ መስመር ነው። «ኪራይ ጨመረ» ብዬ እጽፍና ወደ ቀጣዩ ሰው አልፋለሁ።

ካሜራ አስይዛ ዘጋቢ ፊልም ያስጀመረችኝ አንዲት እናት ናት። አሮጌው ባቡር ጣቢያ አካባቢ ከሁለት ልጆቿ ጋር ላስቲክ ወጥራ ትኖራለች። አንድ ቀን ፎርሜን ይዤ ካርቶኑ ላይ ልቀመጥ ስል «እህቴ፣ ጫማሽን» አለችኝ። ጎንበስ ብዬ አየሁ። የልጆቹ ጫማ ጥግ ላይ ተደርድሯል። መሬቱ ተጠርጎ ውሃ ተረጭቶበታል። ለካ ሰው ቤት ገብቻለሁ። ይህን የምጽፍበት ቦታ ፎርሙ ላይ አጣሁ።

ያገለገለ ካሜራ ገዛሁ። ሦስት ሳምንት ግን ከቦርሳዬ አላወጣሁትም፤ ቡና እየጠጣሁ ቁጭ ማለት ብቻ።

የአዳማን ንፋስ መቼም ታውቁታላችሁ። ጋራው ላይ እነዚያ ተርባይኖች የተተከሉት ያለ ምክንያት አይደለም። የመጀመሪያ ቀን ቀረጻዬን ሳዳምጥ የላስቲኩ መርገብገብ የእናትየዋን ድምፅ ውጦታል። ማይኩን በብርድ ልብስ ቁራጭ ሸፈንኩት፤ ሌላ ትንሽ ማይክ ደግሞ ነጠላዋ ሥር ሰካሁ። የላስቲኩን ድምፅ ግን ጨርሼ አላጠፋሁትም። እነሱ ሌሊቱን ሙሉ የሚሰሙት እሱን ነው።

ከሁሉ የከበደኝ ጥያቄ መተው ነው። ስጠይቃት አንገቷን ደፍታ ለፎርም የለመደችውን መልስ ትሰጠኛለች። ዝም ስል የትንሿን ፀጉር እየጎነጎነች ትልቁን «ሒሳብ ስንት አመጣህ?» ብላ ታፋጥጠዋለች። ፊልሜን ያገኘሁት እዚያ ነው። እርዳታንና ቀረጻንም ለየሁ፤ የማደርገው ነገር ካለ ካሜራ በማልይዝበት ቀን ነው።

ትልቁ ልጅ ስድስተኛ ክፍል ነው። ጠዋት ከላስቲኩ ወጥቶ የዩኒፎርሙን ኮሌታ እያስተካከለ ሲሮጥ ቀርጬው ነበር። ከቀረጽኩት ሁሉ እሱን እወደው ነበር። እናቱ ፈርማለች፣ ወረቀቱ የተሟላ ነው። ኤዲት አድርጌ ስጨርስ ላፕቶፕ ላይ ለሦስቱም አሳየኋቸው። እዚያ ጋ ሲደርስ ልጁ ቀና ብሎ ሊያየኝ አልቻለም።

«ክላስ ውስጥ የት እንደማድር አያውቁም» አለ።

ስንት ዓመት ከልጆች ጋር ሠርቼ እሱን ለብቻው አለመጠየቄ እስከዛሬ ያመኛል። እናት የምትፈቅደው የራሷን ነው። እሱ እኩዮቹ ፊት የሚያፍርበትን እሱ ብቻ ያውቃል። ያንን ሾት የዚያኑ ሌሊት አወጣሁት። ፊቱ የሚታይባቸውን ሌሎቹንም። በእጁ፣ በደብተሩ፣ በጀርባው ተካኋቸው። ከዚያ ወዲህ አንድ ጊዜ አስፈርሜ አልተውም። ከመቅረጼ በፊት እጠይቃለሁ፣ ካዩት በኋላም እጠይቃለሁ፤ ልጆችን ለብቻቸው።

ፊልሙ አሁን የሚጀምረው ጥግ ላይ ባሉት ጫማዎች ነው። ለቀረጻው የደረደራቸው ልጁ ነው።