ወጨጫን ከእግሩ ጀምሬ እንዴት እንዳወቅኩት

በአዲስ አበባ ዳርቻ፣ በሰበታ በኩል የምንኖር ሰዎች ወጨጫን በየቀኑ እናየዋለን። ደመና ሲጭነው ዝናብ መጣ እንላለን። ከዚያ አልፎ ስለ ተራራው የሚያወራ ብዙም የለም። እኔ ድንጋዩንና ደኑን አንድ ላይ ማወቅ ፈለግኩ። ስለዚህ ከታች ጀምሬ፣ አፈሩን እያየሁ፣ ቀስ ብዬ ወጣሁ።

የጀመርኩት ከሰፈሬ ነው። ሜዳው ላይ ያለው ዋልካ አፈር ውሃ ሲጠጣ ያብጣል፤ በበጋ ደግሞ እጅ እስኪያስገባ ይሰነጠቃል። ቤት የሠራ ሰው ያውቀዋል፤ አስወጥቶ በሌላ ካላስሞላ ግድግዳው አይቆምለትም። ወደ ተራራው ጠጋ ሲሉ አፈሩ እየቀላ ይሄዳል። ምክንያቱ ውሃ ነው። ሜዳው ላይ ውሃ ይተኛል። ተዳፋቱ ላይ ግን ቶሎ ይወርዳል፤ አፈሩ ውስጥ ያለው ብረትም አየር ያገኝና ይቀላል። ይህን ካየሁ በኋላ የትም ስሄድ መጀመሪያ የምጠይቀው “እዚህ ውሃው የት ይሄዳል?” ብዬ ነው።

ወጨጫ ከሚሊዮኖች ዓመታት በፊት የፈነዳ፣ ዛሬ የጠፋ እሳተ ገሞራ ነው። ድንጋዩ በአብዛኛው ትራካይት የሚባል የእሳተ ገሞራ ድንጋይ ነው። ባዛልት የሚባለው ጥቁር የእሳተ ገሞራ ድንጋይ ሲቀልጥ ቀጭን ስለሆነ ርቆ ይፈሳል። ትራካይት ግን ሲሊካ (አሸዋ ውስጥ የሚበዛው ማዕድን) የበዛበት ወፍራም ቅላጭ ነው፤ ከወጣበት አፍ ብዙም ሳይርቅ ይቆለላል። ተራራው ከሜዳው ድንገት ብድግ ያለው ለዚህ ነው። መንገድ ዳር የተሰበረ ድንጋይ አንስቼ ፀሐይ ላይ አገላበጥኩት። ግራጫ ነው፣ ሲዳስሱት ይሻክራል፣ ውስጡ ጥቃቅን ክሪስታሎች ብልጭ ይላሉ። ፌልድስፓር የሚባል ማዕድን ናቸው። በአጉሊ መነጽር አየሁትና ወደነበረበት መለስኩት። ከጥብቅ ደን ድንጋይም ሆነ ቅጠል ይዞ መውጣት አይገባም።

የመናገሻ ሱባ ደን የተራራውን ምዕራባዊ ጎን ይዟል። በ15ኛው ክፍለ ዘመን አፄ ዘርዓ ያዕቆብ ከወፍ ዋሻ የጥድ ዘር አስመጥተው እንዳስተከሉት ይነገራል። እኔ የምመክረው ከአካባቢው ሰው ጋር መግባትን ነው። አብረውኝ የወጡት አባት ጫካውን እንደ ደጃቸው ያውቁታል።

“ጋሼ፣ እዚህ ሁሉ ትልልቅ ጥድ እያለ ችግኙ የት አለ?” አልኳቸው።

“ጥድ ጥላ አይወድም ልጄ። ና ላሳይህ።”

አንድ ያረጀ ዛፍ ወድቆ ሰማይ የተከፈተበት ቦታ ወሰዱኝ። ቁመታቸው ከጉልበት የማይበልጥ የጥድ ችግኞች እዚያ ብርሃኑ ውስጥ በቅለዋል። ጥቂት እርምጃ ወደ ጥላው ስንመለስ ያገኘነው የዝግባ ችግኝ ነው፤ ዝግባ ጥላውን ይችላል። የወደቀ ዛፍ ሳይ አዝን ነበር። አሁን ግን መጀመሪያ እሱ በከፈተው ቦታ የበቀለውን ችግኝ እፈልጋለሁ።

ከፍ ሲል ኮሶ ይመጣል። ወንዱና ሴቱ የተለያየ ዛፍ ነው፤ ቀላ ያለ አበባ የሚንዠረገገው ሴቱ ላይ ነው። ጉሬዛ ቅጠል በል ስለሆነ የበላው ሆዱ ውስጥ እስኪፈጭ ረጅም ሰዓት አንድ ቦታ ተቀምጦ ያርፋል። ድምፅ ሳያሰሙ መቆም ከተቻለ በደንብ ይታያል። ድኩላን ለማየት ግን በጠዋት መነሳት ግድ ነው። ስልኬ ላይ ከፍታውን እያየሁ ዛፉ የተለወጠበትን ቦታ ማስታወሻዬ ላይ ጻፍኩ። ከ3,000 ሜትር በላይ አስታ የሚባለው የደጋ ቁጥቋጦ በረከተ፣ ረጅሙ የውርጭ ተክል ጅብራም ብቅ ብቅ አለ። ጫፉ 3,385 ሜትር ነው።

ለእኔ ትልቁ ነገር የውሃው ጉዳይ ሆነ። በዚህ ጎን የሚወርዱት ጅረቶች አዋሽ ይገባሉ። አዋሽ ደግሞ ባሕር አይደርስም፤ አፋር በረሃ ውስጥ አቤ ሐይቅ ላይ ያልቃል። የበረሃው አርብቶ አደር ከብቶቹን የሚያጠጣው ከእንዲህ ዓይነት ደጋ ከሚወርድ ውሃ ነው። እዚህ ጥድ ሲቆረጥ ዝናቡ አፈሩን ይዞ ይወርዳል፤ ጭቃው የሚደርሰው እነሱ ጋ ነው። በዚህ ምክንያት ቀጣዩ ጉዞዬን ወደ ታች አድርጌዋለሁ፤ ወደ አዋሽ ብሔራዊ ፓርክ፣ ወደ ፈንታሌ እሳተ ገሞራና ቀንደ ረጅሙ የዱር እንስሳ ሳላ ወደሚሰማራበት ሜዳ። እዚያም መጀመሪያ አፈሩን ነው የማየው።

መሄድ ለምትፈልጉ፦ ክረምት ላይ የሱባ መንገድ ስለሚጨቀይ ከጥቅምት በኋላ ይሻላል። ላይኛው ክፍል ብርድ ነውና ጋቢ ወይም ጃኬት ያዙ።