ከሾላው ቅርፊት ሥር

ሐዋሳ ማምሻውን ገብቼ አደርኩና ፀሐይ ሳትበረታ ሐይቁ ዳር ወዳለው የዓሣ ገበያ፣ ወደ አሞራ ገደል ወረድኩ። አባ ኮዳ የሚባሉት ትልልቅ ወፎች ዓሣ ከሚበልቱት ልጆች እግር ሥር ተኮልኩለው ድርሻቸውን ይጠብቃሉ። ጎብኚው ሁሉ ካሜራውን ወደ እነርሱ አዙሯል። እኔ ጀርባዬን ሰጥቼ የሾላ ግንድ መፈተሽ ያዝኩ፤ ለማየት የመጣሁት እንስሳ ከሰሊጥ ፍሬ ብዙም አይበልጥም።

መረብ የሚጠግኑ ሽማግሌ ቀና ብለው፣ «ልጄ፣ ምን ጠፋብህ?» አሉኝ።

«ጊንጥ እየፈለግሁ ነው፣ አባባ።»

«ሰው ከጊንጥ ይሸሻል እንጂ ፈልጎት ይሄዳል?»

ሐሰተኛ ጊንጥ እንደሚባል፣ ስምንት እግርና ሁለት መቆንጠጫ እንዳለው፣ መንደፊያ ጭራ ግን እንዳልፈጠረበት ነገርኳቸው። «ጭራ ከሌለው ምኑን ጊንጥ ሆነ?» ብለው ወደ መረባቸው ተመለሱ። እውነታቸውን ነው።

ስድስተኛው ልቅ ቅርፊት ሥር አገኘሁት። ጠፍጣፋ ነው፤ መልኩ የሻይ፣ መቆንጠጫዎቹ ከእግሮቹ ሁሉ የረዘሙ። ማጉያ መነጽሬን ሳስጠጋ በመቆንጠጫዎቹ ላይ የቆሙት ረጃጅም ፀጉሮች ታዩኝ። ዓይኑ ደካማ ስለሆነ የአየሩን ንቅናቄ የሚያዳምጠው በእነርሱ ነው። ይህን እያወቅሁ ተነፈስኩበት! መዞር እንኳ ሳያስፈልገው የኋሊት ተፈትልኮ ስንጥቅ ውስጥ ገባ። አጠገቡ አንዲት ነጭ ጎጆ ቀረች፤ ከአፉ በሚያወጣው ሐር ሠርቶ፣ ቆዳውን ሲቀይር የሚዘጋባት ዓይነት።

በዓለም ላይ ከ3,000 የሚበልጡ ዝርያዎች አሉ፤ አብዛኞቹ በቅርፊት፣ በድንጋይና በረገፈ ቅጠል ሥር ይኖራሉ። ስዊድናዊው የተፈጥሮ ተመራማሪ ሊኒየስ በ1758 እ.ኤ.አ. የመዘገበው ኬሊፈር ካንክሮይደስ የተባለው ዝርያ ግን ከሰው ቤት ገብቶ በአሮጌ መጻሕፍት መካከል ጥቃቅን ተባይ ያድናል። የእኔው የትኛው እንደሆነ ያለ ማይክሮስኮፕ አይለይም፤ ገድዬ ልውሰደው አላልኩም። ቅርፊቱን ወደ ቦታው መለስኩ።

«ይህች ታህል ፍጥረት ከዛፍ ወደ ዛፍ እንዴት ትሄዳለች?» አሉ ሽማግሌው፤ ለካ ሲከታተሉኝ ኖረዋል።

«የዝንብ እግር በመቆንጠጫዋ ጨብጣ ትሳፈራለች። ዝንቡ ሲያርፍ ትወርዳለች።»

«ያለ ሒሳብ?»

«ያለ ሒሳብ።»

ከዚያ በኋላ መረቡ ላይ ዝንብ ባረፈ ቁጥር እጃቸውን ገታ አድርገው ጎንበስ ይሉና፣ «ተሳፋሪ የለውም» እያሉ ያባርሩታል።