«ቤቶች!» የሚለው ዝናብ

እግዚአብሔር ያደረገልኝን ልመስክር። ዝም ካልኩ ይከብደኛል።

የምንኖረው ሐዋሳ ነው፣ ከታቦር ተራራ ብዙም ሳንርቅ። ባለፈው ዓመት ሚያዝያ አንድ ሌሊት በረዶ የቀላቀለ ዶፍ ወረደ። ንፋሱ የመኝታ ቤታችንን ቆርቆሮ ገንጥሎ ወሰደው። ውኃው የወረደው ልጄ በተኛችበት አልጋ ላይ ነው። ያኔ 6 ዓመቷ ነበር። ጉዳት አልደረሰባትም፣ ተመስገን። ግን ከዚያ ሌሊት በኋላ ሌላ ልጅ ሆነችብኝ። ደመና ሲጠቁር አልጋ ሥር ትገባለች። ትምህርት ቤት ጣሪያው ላይ ጠብ ሲል ጆሮዋን ይዛ ትጮኻለች። ሐዋሳን ደግሞ ታውቋታላችሁ፤ በልጉ በቅጡ ሳያባራ ክረምቱ ይተካል። እስከ መስከረም የት ልደብቃት?

ጸበል ወሰድኳት። ውኃው ራሷ ላይ ሲወርድ የጮኸችው ጩኸት እስካሁን ጆሮዬ ላይ አለ። ያን ቀን ቅዱስ ገብርኤል ደጅ ቆሜ እያለቀስኩ ተሳልኩ። «ልጄ እንደ እኩዮቿ ዝናብ ላይ ከቆመችልኝ ጥላ አስገባለሁ» አልኩ። ለምን ጥላ እንዳልኩ አላውቅም፤ ከአፌ የወጣው እሱ ነው። በሳምንቱ ገዛሁት፤ ወርቃማ ዘርፍ ያለው ቀይ ጥላ። እናቴ «ስለቱ ሳይሰምር?» ብላ ተቆጣችኝ። እኔ ግን ቁም ሳጥኑ ላይ አስቀምጬ በየማታው እያየሁት እጸልይ ነበር።

ሰኔ ላይ አንድ ማታ መብራት ጠፋ። ነጎድጓዱ ጀመረ። ልጄ አልጋ ሥር ገባች። እኔም መሬት ላይ ከጎኗ ተጋደምኩ። ምን እንደምላት ጠፋኝ። በልቤ «ጌታዬ፣ አንድ ቃል ስጠኝ» አልኩ። ከዚያ አፌ ተከፈተ፦ «ጠብጠብ የሚባል አገር አለ…»

ከዚያ በፊት ተረት ፈጥሬ አላውቅም። በጠብጠብ አገር ዝናብ ዘሎ ቤት አይገባም አልኳት። እንደ እንግዳ ደጅ ቆሞ «ቤቶች!» ይላል። «ይግቡ» ካሉት ይዘንባል። «ዛሬ አልተመቸንም» ካሉት ወደ ጎረቤት ያልፋል። ነጎድጓዱስ? እሱ የዝናብ አባት ነው። ሽማግሌ ሰው ግቢ ሲገባ ሰው እንዳይደነግጥ ጉሮሮውን ይጠርግ የለ? እንደዚያ ነው። በረዶው የዝናብ ልጆች ሲሯሯጡ ከኪሳቸው የተበተነ ቆሎ ነው። ፀሐይ ወጥታ ሲዘንብ እኛ «ጅብ ወለደች» እንላለን፤ እዚያ ግን የእውነት ትወልዳለች፣ ጎረቤት ሁሉ ገንፎ ይዞ ይሄዳል። የማርያም መቀነት የሚታየው ደግሞ እመቤታችን መቀነቷን ስታሰጣ ነው።

ከአልጋው ሥር ትንሽ ድምፅ መጣ። «ከገባ በኋላስ የት ይሄዳል?»

ከዚያ ክፉ ሌሊት ወዲህ እየዘነበ ስትናገር የሰማኋት ያኔ ነው። ይህን በተረት አልመለስኩም። ስለ ሐይቃችን ነገርኳት። ጥቁር ውኃ ወንዝ ይገባበታል፤ ከሐይቁ የሚወጣ ወንዝ ግን የለም። ፀሐይ ውኃውን ቀስ አድርጋ ወደ ላይ ታነሣዋለች። ደመና ይሆንና መልሶ ይዘንባል። «እና ዝናቡ የሰፈራችን ልጅ ነው?» አለችኝ። «ከፊሉ የኛው ነው» አልኳት።

ከዚያ በየማታው ጠብጠብ አገር እንሄድ ነበር። መጀመሪያ ከአልጋ ሥር ወጣች፤ ቆይታ መስኮቱ ጋ ደረሰች። ደጅ ግን አልወጣችም።

ሐምሌ 19፣ የገብርኤል በዓል፣ ነጋ። ስለቱ ባይሞላም ጥላውን በላስቲክ ጠቅልዬ፣ ልጄን ይዤ ወጣሁ። ባጃጅ አጥተን በእግር ስንሄድ ሰማዩ ጠቆረ። ነጎደ። ደርቄ የቀረሁት እኔ ነኝ። እግሬ ተሳሰረ። ያ የቆርቆሮ ድምፅ መጣብኝ። ለካ ያን ሁሉ ጊዜ ለእሷ ስጸልይ እኔም ፈርቼ ነበር። ልጄ እጄን ጎተተችኝ።

«እማዬ፣ አትፍሪ። ቤቶች እያለ እኮ ነው።»

ቀና ብላ በሙሉ ድምፅዋ «ይግቡ!» አለች።

ዶፉ ወረደ። ነጠላዋ ሰውነቷ ላይ ተጣብቆ፣ ፊቷን ወደ ሰማይ አድርጋ ቆመች። ጥላው እጄ ላይ ነበር፤ አልዘረጋሁትም። የገብርኤል ነዋ።

ስንደርስ ሰባኪው የዕለቱን ታሪክ እየተናገሩ ነው። የ3 ዓመቱ ቂርቆስና እናቱ ኢየሉጣ። ሊጣሉበት የነበረው የሚፈላ ውኃ እንደ ነጎድጓድ ሲጮኽ እናት ፈራች፤ ያበረታት ሕፃኑ ነው። ይህን ታሪክ ከልጅነቴ ጀምሮ ሰምቼዋለሁ። ያን ቀን ግን ቆሜ መስማት አልቻልኩም። ጭቃው ላይ ተንበረከክሁ።

ጥላውን ያስረከበችው ልጄ ናት። ላስቲኩ ሲገለጥ ደረቅ ነበር። እኛ ከፀጉራችን እስከ ጫማችን ውኃ እንንጠባጠባለን።

ማታ እንደገና ዘነበ። ልጄ ተኝታለች፤ አልነቃችም። እኔ አልጋዋ ጫፍ ላይ ቁጭ ብዬ ቆርቆሮውን አዳመጥኩት። ከዚያ ቀስ ብዬ «ይግቡ» አልኩ።