ጡንቻ ሳይወፍር ጉልበት ለምን ይጨምራል?

ብረት ማንሳት ስጀምር የመረጥኳቸው እንቅስቃሴዎች ጥቂት ነበሩ፦ ባር ተሸክሞ ቁጢጥ ብሎ መነሳት፣ በጀርባ ተኝቶ መግፋት፣ ጎንበስ ብሎ ወደ ሆድ መሳብና ከመሬት ማንሳት። በሳምንት ሦስት ቀን፣ በየመካከሉ አንድ ቀን እያረፍኩ እሠራ ነበር።

በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት የማነሳው ክብደት ቶሎ ቶሎ ሲጨምር የክንዴ ውፍረት ግን ባለበት ቆየ። ብዙ ጀማሪ ተስፋ ቆርጦ የሚተወው እዚህ ላይ መሆኑ ያሳዝነኛል፤ ምክንያቱም በዚህ ወቅት ከሁሉ ቀድሞ የሚላመደው የነርቭ ሥርዓት ነው። አንጎልና ህብለ ሰረሰር ቀድሞ ያልተሳተፉ የጡንቻ ክሮችን ማሠራትን፣ ጡንቻዎቹንም አስማምቶ ማዘዝን ይማራሉ። ጡንቻው ራሱ የሚወፍረው በውስጡ የሚገነባው ፕሮቲን ከሚፈርሰው ሲበልጥ ሲሆን፣ ይህም በዓይን እስኪታይ ብዙውን ጊዜ ወራት ይፈጃል። ጡንቻን ከአጥንት ጋር የሚያያይዘው ጅማት ደግሞ ከጡንቻው ይዘገያል፤ ስለዚህ ጉልበት ሲሰማኝ እንኳ ክብደት ለመጨመር አልቸኮልኩም።

ክብደትን ደረጃ በደረጃ መጨመርን በሕክምና ያስፋፋው፣ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1940ዎቹ የተጎዱ ወታደሮችን በከባድ ክብደት እያሠራ ያክም የነበረው አሜሪካዊው ሐኪም ቶማስ ደሎርም ነው። እኔ የተከተልኩት ቀላል ነው፦ በእያንዳንዱ ዙር ከ8 እስከ 12 ጊዜ አነሳለሁ፤ በሁሉም ዙር አቋሜ ሳይዛባ 12 ከደረስኩ በሚቀጥለው የልምምድ ቀን 2.5 ኪሎ ጨምሬ ወደ 8 እመለሳለሁ፤ ሁሉንም በደብተር እመዘግባለሁ። ያለ ደብተር እድገትን መከታተል የሚቻል አይመስለኝም።

ከሥራው በኋላ ባሉት ከ24 እስከ 72 ሰዓታት የሚበረታውን ሕመም የእድገት መለኪያ አላደረግሁትም፤ ሰውነት ሲለምድ ሕመሙ ይቀንሳል፣ ጡንቻው ግን ማደጉን ይቀጥላል። ይልቅ ለእንቅልፍና ለምግብ ተጠነቀቅሁ። ጡንቻ ለመገንባት በቀን ለአንድ ኪሎ የሰውነት ክብደት 1.6 ግራም ያህል ፕሮቲን ይመከራል፤ በዐቢይ ጾም ይህን ከምስር፣ ከሽሮና ከባቄላ ለማግኘት ማዕዱን አስቀድሞ ማሰብ ይጠይቃል። በዚያ ወቅት የምሠራበትን ሰዓት ከጾም መፍቻ በፊት አድርጌ፣ ክብደቱን ሳልቀንስ የዙሩን ብዛት በግማሽ ያህል አሳነስኩ፤ ያገኙትን ጉልበት ለማቆየት የሚያስፈልገው ሥራ ለመገንባት ካስፈለገው ያነሰ በመሆኑ፣ ከፋሲካ በኋላ ወደ ሙሉው የዙር ብዛት ስመለስ ቀድሞ የማነሳውን አነሳሁ።