ጠዋት ደህና፣ ማታ ደካማ

እናቴ የልጄን ሹሩባ ስትሠራ ሦስተኛው ጉንጉን ላይ እጇ እየዛለ ጭኗ ላይ መውደቅ የጀመረ ሰሞን፣ ሁላችንም «ዕድሜ ነው» ብለን አልፈነው ነበር። እየቆየ ግን ወደ ማታ የግራ ዓይኗ ቆብ ይከደን፣ አንዱ ሰው ሁለት ሆኖ ይታያት፣ እራት ላይም አገጯን በእጇ ደግፋ ታኝክ ጀመር። ሌሊቱን አርፋ ስትነሣ ይህ ሁሉ የለም፤ ቀጠሮዋ ሁልጊዜ ጠዋት ስለነበረም ሐኪም ፊት የምትቀርበው ደህና ሆና ነው። አንድ ክሊኒክ ጭንቀት ነው ብሎ ቫይታሚን አዘዘላት። እኔም አንድ ማታ «እያስመሰለች ይሆን?» ብዬ አስቤአለሁ፤ ዛሬ ሳስታውሰው አፍራለሁ።

የነርቭ ሐኪም ዘንድ የደረስነው ከዓመት በኋላ ሲሆን፣ እሳቸውም ከሁሉ አስቀድመው አንገቷን ሳታቀና በዓይኗ ብቻ ጣሪያውን እያየች እንድትቆይ አዘዟት። አንድ ደቂቃ ሳይሞላ የግራው ቆብ ቀስ እያለ ወረደ። በረዶ በጓንት ቋጥረው ሁለት ደቂቃ ያህል አስቀመጡበት፤ ሲያነሡት ዓይኗ ተከፍቷል። የደም ምርመራውም ሚያስቴኒያ ግራቪስ መሆኑን አረጋገጠ።

ነርቭ ጡንቻን የሚያዘው አሴቲልኮሊን በተባለ ኬሚካል አማካይነት ነው። በዚህ በሽታ ሰውነት ተሕዋስያንን እንዲዋጉለት የሚያመርታቸው ፀረ እንግዳ አካላት ያንን ኬሚካል የሚቀበሉትን የጡንቻ ተቀባዮች ስለሚያጠቁ፣ ትእዛዙ ቢመጣም ተቀባዩ ያንሳል፤ ጡንቻውም በሠራ ቁጥር ይዝላል፣ ባረፈ ቁጥር ያገግማል።

እ.ኤ.አ. በ1934 ሜሪ ዎከር የተባለች የለንደን ሐኪም የበሽታው ምልክት ጡንቻን ከሚያሽመደምደው የኩራሬ መርዝ ጋር መመሳሰሉን አስተውላ፣ የመርዙን ማርከሻ ፊዞስቲግሚንን ለአንዲት ታማሚ በመርፌ ብትሰጣት የተከደነው ዓይኗ ለጥቂት ሰዓታት ተገለጠ። እናቴ የምትውጠው ፒሪዶስቲግሚን የዚያ መድኃኒት ዘመድ ነው። አሴቲልኮሊን ቶሎ እንዳይፈርስ ያደርጋል እንጂ የበሽታውን ሥር አይነካም። ጉልበቱ ከ3 እስከ 4 ሰዓት ስለሚቆይ፣ ማኘኩ እንዲቀልላት ከምግብ ግማሽ ሰዓት ቀድማ ትወስደዋለች።

እኔን ይበልጥ የሚያሳስበኝ የሌሎች መድኃኒቶች ነገር ነው። ታይፎይድ በተባለ ቁጥር የሚታዘዘው ሲፕሮ፣ የጀንታማይሲን መርፌ፣ ለወባ የሚሰጠው ኩዊኒን ድካሙን አባብሰው መተንፈስ እስከ መከልከል ሊያደርሱ ይችላሉ። ባለፈው ክረምት ሲፕሮውን ተቀብለን ከአንድ ፋርማሲ ልንወጣ ስንል ያስቆመን፣ የነርቭ ሐኪሙ የማይስማሟትን መድኃኒቶች ጽፈውላት ከመታወቂያዋ ጋር አጣጥፋ የያዘችው ወረቀት ነው። አሁን ቅጂው እኔም ቦርሳ ውስጥ አለ።