ጋናን በሁለት ዓምድ ማንበብ፦ የአራት ወር ማስታወሻዬ

ጋናን ማንበብ ከጀመርኩ አራት ወር ሞላኝ። እስካሁን የደረስኩበትን ላካፍላችሁ።

ዘዴዬ ቀላል ነበር። የደብተሬን ገጽ መሃል ለመሃል አሰመርኩ። በግራ «እንግሊዝ ያመጣው»፣ በቀኝ «ከድሮም የነበረ» አልኩ። ያነበብኩትን ሁሉ ወይ እዚህ ወይ እዚያ አስገባለሁ። ሁለት ሳምንት በደንብ ሠራልኝ። ከዚያ ተበላሸ።

መጀመሪያ ያሳሳተኝ አንድ ቃል ነው። በጋና መሃል የሚኖሩትን የአሻንቲ ሕዝቦች ታላቅ ቅርስ «የወርቅ ዙፋን» ብዬ መዘገብኩት። ዙፋን ስል በሐሳቤ ንጉሥ ተቀምጦበታል። ለካ ማንም አይቀመጥበትም፤ ንጉሡም ቢሆን! በርጩማ ነው። የሕዝቡ ነፍስ አድሮበታል ብለው ስለሚያምኑ ለራሱ ለበርጩማው መቀመጫ ያዘጋጁለታል። በ1900 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) የእንግሊዙ ገዥ ፍሬድሪክ ሆጅሰን የአሻንቲዎች ዋና ከተማ ኩማሲ ሄዶ ልቀመጥበት አምጡልኝ አለ። የእሱም ስህተት የእኔው ነበር፤ የእኔ ግን ጦርነት አላስነሳም። ንጉሡ ፕሬምፔ ቀዳማዊ በ1896 ተይዘው ስለተወሰዱ፣ ጦሩን የመሩት የኤጂሱዋ ንግሥት እናት ያአ አሳንቴዋ ናቸው። (ንግሥት እናት ሲባል የግድ የንጉሥ ወላጅ አይደለችም። አለቃውን የምታጭ ሴት ናት።) ተሸነፉ፤ ሲሸልስ ተግዘው እዚያው በ1921 አረፉ። በርጩማው ግን እንግሊዞች እጅ አልገባም።

እስከዚህ ድረስ ዓምዶቼ ደህና ናቸው። ችግሩ የመጣው 1935 ላይ ስደርስ ነው። ያንን መንግሥት ያፈረሱት እንግሊዞች ራሳቸው የአሻንቲን ኅብረት መልሰው አቋቋሙት። ለምን? አገሩን በጥቂት ሹማምንት መግዛት ርካሽ ነው፤ ዳኝነቱንም ግብሩንም ለአለቆቹ ይተዉላቸዋል። ታዲያ የዛሬውን የአሻንቲ ንጉሥ የትኛው ዓምድ ላይ ልጻፋቸው?

ሰሜኑ ደግሞ ጭራሽ ግራ አጋባኝ። እንደ ታሌንሲ ያሉ ሕዝቦች ዘንድ ትልቁን ክብር የያዘው የምድሩን ሥርዓት የሚጠብቅ ካህን ነበር እንጂ አዛዥ አለቃ አልነበረም። እንግሊዞች ትእዛዝ የሚቀበል ሰው ስለፈለጉ በየቦታው አለቃ ሾሙ። ያ ሹመት ዛሬ «ባህል» ይባላል። እዚህ ጋ እስክሪብቶዬን አስቀመጥኩ።

ከሁሉ የወደድኩት ግን የመሬቱ ታሪክ ነው። በ1890ዎቹ ቅኝ መንግሥቱ መሬቱን በራሱ ቁጥጥር ሥር ሊያደርግ ሕግ አረቀቀ። አለቆችና ጠበቆች ተባብረው በ1897 ማኅበር አቋቋሙና ረቂቁን አስጣሉት። ከመሪዎቹ አንዱ ጆን ሜንሳ ሳርባ ለንደን ሕግ የተማረ ነው። በዚያው ዓመት የባሕር ዳርቻውን ሕዝብ የፋንቲዎችን ልማዳዊ ሕግ በመጽሐፍ አሳተመ፤ ያውም በእንግሊዝኛ። የአያቶቹን ሥርዓት በእንግሊዝ የሕግ ትምህርት ተከራከረለት ማለት ነው። መሬቱ ስለዳነ ኬንያ ውስጥ እንደሆነው ነጭ ገበሬ አልሰፈረበትም፤ ካካዎውን ያስፋፉት ጋናውያን ገበሬዎች ናቸው።

የነፃይቱ ጋና የመጀመሪያ መሪ ንክሩማህ ከ1957ቱ ነፃነት በኋላ የአለቆቹን ሥልጣን ቆራርጠውት ነበር። አልሆነም። የ1992ቱ ሕገ መንግሥት ለአለቅነት ዋስትና ይሰጣል፤ አለቆቹን የሚከለክላቸው ከፓርቲ ፖለቲካ ነው። የበርጩማ መሬት ከሚባለው (በርጩማ የአለቅነት ምልክት ነው፤ መሬቱን አለቅነቱ ለሕዝቡ በአደራ ይዞታል) ላይ የሚሰበሰበው ገቢ እንኳ በሕገ መንግሥቱ ተደልድሏል። 10 በመቶው ለአስተዳዳሪው መሥሪያ ቤት ይነሳለታል። ከቀረው 25 በመቶው ለበርጩማው፣ 20 በመቶው ለባህላዊው ባለሥልጣን፣ 55 በመቶው ለወረዳው ምክር ቤት ነው። መሬት የመንግሥት በሆነበት አገር ላደግን ሰዎች ይህን ማንበብ ትንሽ ያፈዛል።

አሁን ደብተሬ ሦስተኛ ዓምድ አለው። ስም አላወጣሁለትም፤ ከሁሉ ቀድሞ የሚሞላው ግን እሱ ነው። በቀጣዩ ወር ፍርድ ቤቶቹን አነባለሁ። የከፍተኛ ፍርድ ቤት ዳኞቹ ዛሬም በዚያ ሙቀት ነጭ ዊግ ያጠልቃሉ። እሱን ያለምንም ክርክር ግራ ዓምድ ላይ ጽፌዋለሁ።